ከዛጎሉ ሥር የተኛው ሰው

«ጂና አያ፣ የቁፋሮውን ገመድ ሁለት ሜትር ወደ ምዕራብ እናስጠጋው» ስትለኝ፣ ጉልበቴን አሞኛል አልኳት። ጉልበቴ ከታመመ አስር ዓመት ስላለፈው ውሸት አይባልም። የዚያን ዕለት ያመመኝ ግን ጉልበቴ አልነበረም።

የጥንት ነገር አጥኚዋ ሚስ ኡፔክሻ ሳቀች። «ገመድ ለመዘርጋት ጉልበት ምን ያደርጋል? እኔ እዘረጋለሁ፣ አንተ ካስማውን ያዝልኝ።»

ያዝኩላት። ከእሷና ከእሷ በፊት ከነበሩት ምሁራን ጋር የጥንት ሰው መኖሪያ ስቆፍር ሃያ ሁለት ዓመት ሆኖኛል። ከዚያ ሁሉ ዓመት ያተረፍኩት የጎበጠ ጀርባ ነው።

ገመዱን መጀመሪያ የዘረጋሁት እኔ ነበርኩ። ጥር ላይ ካርታዋን ይዛ መጥታ «በዚህ ሁሉ መሬት ላይ ዛጎሉ ያልተነካው እዚህች ድንበር ላይ ብቻ ነው» ስትል ልቤ ስንጥቅ አለ። እውነቷን ነበር። ከጨዋማው ሐይቅ ዳር እስከ አሸዋው ኮረብታ ያለውን ዛጎል እኛው የሰፈሩ ሰዎች ቆፍረን፣ ነፍተን፣ አቃጥለን ኖራ አድርገነዋል። የተረፈችው በሁለት ሰዎች መሬት መካከል፣ በዘንባባው ጉቶ ሥር የምታልፍ የአራት ሜትር ድንበር ናት። ድንበር ደግሞ ጎረቤት ስለሚያጣላ ማንም አይቆፍረውም። እሷ በካርታዋ ላይ ምልክት ያደረገችው ልክ ጉቶው አጠገብ ነበር። እኔም ገመዱን ስዘረጋ ግራ ቀኝ አየሁና ሁለት ሜትር ወደ ምሥራቅ ገፋ አደረግኩት። ሁለት ወር በሰላም ቆፈርን። ከዚያ ዛጎሉ ወደ ምሥራቅ እየሳሳ ሄዶ አለቀ፤ እሷም ካርታዋን ደግማ ተመለከተች።

ምዕራቡን መቆፈር በጀመርን በሦስተኛው ቀን፣ ማክሰኞ ረፋድ ላይ፣ ከቆፋሪዎቹ አንዱ ዳርሊስ አካፋውን ጥሎ «አጥንት! አጥንት!» እያለ ጮኸ።

እኔ አፈር የማውቀው በጥርሴ ነው። ቆንጥሬ አኝከዋለሁ፤ ከተንቋቋ አሸዋ ነው፣ ከተንሸራተተ ጭቃ ነው። እዚህ ከላይ ነፋስ ያመጣው ቡናማ አሸዋ አለ። ከሥሩ እስከ ደረት የሚደርስ ዛጎል፣ ከዛጎሉ ሥር ደግሞ ግራጫ ጭቃ፣ የድሮው ሐይቅ ወለል። ባሕሩ አንድ ዘመን እስከዚህ ድረስ መጥቶ ነበር ይላሉ፤ ከዚያ እንደ ማንኛችንም ደክሞት ወደ ኋላው ተመለሰ። በዚያ ዘመን የነበሩት ሰዎች ዛጎሉን እየፈለቀቁ በሉ፣ ነጩን ድንጋይ እየፈለጡ ስለት ሠሩ፣ የሞተባቸውንም እዚያው ዛጎል ውስጥ ቀበሩ። ይህን ለተማሪዎች ሳስረዳ ምላሴ ፀጉር አብቅሏል።

አጥንቱ ዙሪያ ካለው አፈር ቆንጥሬ አኘክሁ። ቡናማው አሸዋ፣ የዛጎሉ ድቃቂና ግራጫው ጭቃ አንድ ላይ ተደበላልቀዋል። ተኝቶ የኖረ አፈር እንዲህ አይደበላለቅም፤ የሰው አካፋ ካልነካው በስተቀር። ሚስ ኡፔክሻም ቆንጥራ በጣቶቿ መካከል አሸችው። ደግማ አሸችው። ከዚያ እጇን በሱሪዋ ጠረገችና ብሩሿን አነሳች። ልብ ካላየ ዓይን አያይም።

እስከ ቀትር ድረስ ሰውየው ተገለጠ። በቀኝ ጎኑ ተኝቷል፣ ጉልበቶቹን ወደ ደረቱ ሰብስቧል፣ አንድ እጁ ከጉንጩ ሥር ነው። ደረቱ ላይ ሰባት ወፋፍራም ዛጎሎች ተኮልኩለዋል፤ እያንዳንዳቸው ጫፋቸው ላይ ቀዳዳ አላቸው።

«የመረብ ማጥለቂያ» አለች። መረብ ወደ ታች እንዲሰምጥ ጠርዙ ላይ የሚታሰር ክብደት ማለቷ ነው። «ጂና አያ፣ ይሄ እኮ የመረብ ማጥለቂያ ነው! መረብ ነበራቸው ማለት ነው። አስከሬኑን ከነመረቡ ነው የቀበሩት። በዚህ ባሕር ዳርቻ እስከ ዛሬ ማንም አላገኘም!» ከዚያ ጉድጓዱ ውስጥ ቁጢጥ አለችና አለቀሰች።

ዳርሊስ አፉ አያርፍም። «ምነው ሚስ፣ ዘመድዎ ነው እንዴ?»

ሁሉም ሳቁ። እኔ ወደ ሐይቁ ዞርኩ።

ይህችን ልጅ የማውቃት በሃያ ሁለት ዓመቷ ተማሪ ሆና ከመጣችበት ጊዜ ጀምሮ ነው። አፈር ማኘክ ያስተማርኳት እኔ ነኝ፤ የመጀመሪያ ቀን አስመልሷታል። አሁን ሠላሳ ዘጠኝ ሆኗታል፣ ጸጉሯ መሸበት ጀምሯል። ሰባት ዓመት በተከታታይ እዚህ መጥታ፣ በተዘጋው ትምህርት ቤት አግዳሚ ላይ እየተኛች፣ በወባ ትንኝ እየተበላች ቆፍራለች። የጻፈችውን ሦስት ጊዜ «ማስረጃው አይበቃም» ብለው መልሰውባታል። ዘንድሮ የመጨረሻዋ ነበር፤ ከዚህ በኋላ ለቁፋሮ ገንዘብ የሚሰጣት የለም። እሷም እንደኔ ደክሟታል፤ ልዩነታችን እሷ መድከሟን አለመናገሯ ነው።

ሰውየውን የቀበርኩት ግን እኔ ነኝ።

ሃያ ዓመቴ ነበር። እኔ ዛጎል እቆፍራለሁ፣ እናቴ ባቢኖና ጉድጓዱ አፍ ላይ በወንፊት ትነፋለች፣ የምድጃው ባለቤት ያቃጥላል። ታናሽ ወንድሜ ሱጋት አሥራ ሰባት ዓመቱ ነበር፤ ጉድጓድ ማየት አይወድም። «እኔ የሞተ ዛጎል ለቅሜ አልኖርም፤ የሚንፈራፈር ነገር ነው የምይዘው» ይላል። የራሱን መረብ ሠራ። የእርሳስ ብረት መግዣ ስላልነበረው ለመረቡ ማጥለቂያ ከኛ ጉድጓድ ወፋፍራም ዛጎል እየመረጠ በምስማር ይበሳል። አንድ ምሽት «አያ፣ ነገ አብረን እንሂድ፤ ጓደኛዬን አተኩሶታል» አለኝ። ቀኑን ሙሉ ስቆፍር ውዬ ነበር። «ደክሞኛል፣ ሌላ ቀን» አልኩት። ጠዋት ብቻውን ሄደ።

ባሕሩ ጀልባዋን በሦስተኛው ቀን መለሳት። የመረቡ ቁራጭም ተጠላልፎባት ነበር። ሱጋትን አልመለሰውም።

እንደ ቡድሃ ሃይማኖታችን መነኮሳቱን አብልተን የምጽዋቱን ትሩፋት ለሟቹ አሻገርን፤ በሰባተኛው ቀን፣ ከዚያም በሦስተኛው ወር። እናቴ ግን አበባ የምታኖርበት ቦታ አልነበራትም። አበባውን ይዛ ባሕሩ ዳር ትቆማለች፣ ማዕበሉ ይወስድባታል፣ በማግስቱ የረገፈውን መልሶ ያመጣላታል። ያን ምሽት ያልኩትን ግን ለሰው ትንፍሽ አላልኩም።

በአራተኛው ወር ስቆፍር ዶማዬ ከዛጎሉ ሥር የራስ ቅል ነካ። አፈሩን ሳነሳ ሰው ነው፤ ተኮራምቶ ተኝቷል። ዛጎሉ ሟሙቶ አጥንቱን እንደ ኖራ ግድግዳ አያይዞታል። ባለ ምድጃው መጥቶ አየና «አጥንትም ሲቃጠል ኖራ ነው፤ ወዲያ ጨምሩት» አለ። እናቴ ወንፊቷን ጣለች። ወደ ጉድጓዱ ገባችና አጠገቡ ተቀመጠች። «የሚነካው ሰው መጀመሪያ እኔን ምድጃ ይክተተኝ» አለች። ባለ ምድጃው እንደ እሳቱ የሚያስፈራ ሰው ነበር፤ የዚያን ቀን ግን ጉሮሮውን ጠርጎ ሄደ።

ሰውየውን ከነአፈሩ ቆርጠን፣ ሰሌን ላይ አድርገን፣ ሁለታችን ተሸክመን እዚያ ድንበር ላይ ከዘንባባው ሥር ወሰድነው። እንደ ተኛ አስቀመጥነው። እናቴ የሱጋትን መረብ ቁራጭ ይዛ መጥታ ማጥለቂያዎቹን አንድ በአንድ ቆርጣ ከሱ ጋር አኖረቻቸው። እኔ አላየሁም፤ ፊቴን አዙሬ ነበር። ላለፉት አርባ ሦስት ዓመታት የሱጋት ሙት ዓመት በመጣ ቁጥር እናቴ እዚያ ነጭ አበባና የኮኮናት ዘይት መብራት ታኖራለች። የሰፈሩ ሰው ለዛፉ መንፈስ ይመስለዋል። ዘንባባው ከወደቀ በኋላም ለጉቶው እጅ የሚነሳ አለ፤ ዳርሊስ አንዱ ነው።

አሁን ነገሩን አስቡት። ዛጎሎቹ ከዚያው ጉድጓድ የወጡ ስለሆኑ ዕድሜያቸው ከሰውየው ጋር አንድ ነው። የትም ተልከው ቢለኩ አምስት ሺህ ዓመት ይላሉ። የአርባ ሦስት ዓመቱ ቀዳዳው ብቻ ነው፤ ቀዳዳ ደግሞ አይለካም። እኔ ዝም ካልኩ ሱጋት በምስማር የበሳው ዛጎል መጽሐፍ ላይ ይወጣል፤ ሰውየው በሳጥን ሆኖ ኮሎምቦ ከተማ ይሄዳል፤ እናቴም ሁለተኛ ጊዜ መቃብር አልባ ትሆናለች።

ማክሰኞ ማምሻውን ቤት ስደርስ እናቴ በረንዳው ላይ ተቀምጣ በትንሿ ሙቀጫ እንደ ጫት የሚታኘከውን የቡላት ቅጠሏን ትወቅጣለች። በሰማንያ ሰባት ዓመቷ የሚያኝክ ጥርስ አልቀረላትም።

«መጣህ? እግርህን ትጎትታለህ እኮ። አንተ ነህ ሽማግሌው ወይስ እኔ?»

«ሁለታችንም እማ።»

«አርብ የልጁ የሙት ዓመት ነው። ለመነኮሳቱ ነግረሃል?»

«ነግሬአለሁ።»

«የጎሽ እርጎውስ? አምና የመጣው ቀጭን ነበር፤ አፍሬ ልሞት።»

«ወፍራሙን አዝዣለሁ።»

«ዘንድሮ ደግሞ እዚያ ትወስደኛለህ። አምና ዓይኔን ተቀድጄ ነው የቀረሁት፤ አሁን ሰበብ የለኝም።»

«መንገዱ ተበላሽቷል እማ።»

ሙቀጫዋን አቆመች። «አሸዋ ምኑ ይበላሻል?» ከዚያ ጠጋ ብላ በአዲሱ ዓይኗ አየችኝ። «ጥርስህ ላይ አፈር አለ። ምን አገኛችሁ?»

«ዛጎል» አልኳት።

«ዛጎልማ መቼ ጠፍቶ ያውቃል» አለችና መውቀጧን ቀጠለች። ሆድ ሲያውቅ ዶሮ ማታ እንደሚሉት ነው፤ የማላውቅ መስዬ ጫማዬን አወለቅኩ።

ረቡዕ ሚስ ኡፔክሻ ስልክ ላይ ዋለች። መኪናው አርብ ጠዋት ከኮሎምቦ እንዲመጣ ተወሰነ። ከሰዓት በኋላ ሳጥኖቹን ስናሰናዳ አጠገቤ መጥታ ተቀመጠች።

«ጂና አያ፣ ይሄ ሲጻፍ ስምህን ከኔ ስም ቀጥሎ አደርገዋለሁ። የሠራተኞች ምስጋና ላይ አይደለም፤ ከኔ ስም ቀጥሎ።»

ምን እላለሁ? ጂናዳሳ የሚለው ስም ከመራጮች መዝገብ በቀር የትም ተጽፎ አያውቅም። ደስ አለኝ፤ መዋሸት አልፈልግም። ደስ ስላለኝም በራሴ አፈርኩ። የዚያን ቀን ሩዜን ሳልጨርስ ለውሻ ሰጠሁት።

ሐሙስ ምሳ ሰዓት ላይ ሁሉም በጥላው ሥር በሙዝ ቅጠል የተጠቀለለ ሩዛቸውን ሲፈቱ፣ እሷ ጉድጓዱ ውስጥ ቀርታ ትሥላለች። ወረድኩ።

«ሚስ፣ ይህ ሰው የተቀበረው እዚህ አልነበረም።»

«እ?» አለች ቀና ሳትል።

«ከዚያ ማዶ፣ ከታችኛው ጉድጓድ ነው የወጣው። እዚህ የቀበርነው እኔና እናቴ ነን። ዛጎሎቹ የወንድሜ ናቸው።»

እርሳሷን አስቀመጠች። መጀመሪያ ሳቀች። ከዚያ ፊቴን ስታይ ሳቋ ቆመ። ሁሉንም ነገርኳት፤ ምድጃውን፣ ሰሌኑን፣ መረቡን። ያን ምሽት ለወንድሜ ያልኩትን ብቻ አስቀረሁ።

«ገመዱንም አንተ ነህ ያንቀሳቀስከው?»

«እኔ ነኝ።»

«አሥራ ሰባት ዓመት አምኜህ! ያንተን ቃል ከመሣሪያ በላይ አምኜ!» አለች። «ለምን ጥር ላይ አልነገርከኝም? ለምን ማክሰኞ አልነገርከኝም?»

«ፈርቼ። ደግሞም ደክሞኝ።»

«ደክሞኝ! እኔስ?» ብላ ጮኸች። ጥላው ሥር ያሉት መብላት አቆሙ። ድምጿን ዝቅ አደረገች። «ይልቅ እኔ ልንገርህ። እናትህ እዚህ ጉቶ ሥር አበባ ታኖራለች። ቦታዋ እንዳይነካባት ብለህ የፈጠርከው ታሪክ ነው።»

«ዓይኔን ግንባር ያድርገው፣ ሚስ።»

«መሐላ አልፈልግም፤ ማስረጃ ነው የምፈልገው። ስንት ዛጎል ነበር ያኖራችሁት?»

«አላየሁም። ፊቴን አዙሬ ነበር። እናቴ ታውቃለች።»

«የሰማንያ ሰባት ዓመት አሮጊት!» አለችና ወዲያው አፏን በእጇ ያዘች። «ይቅርታ። ሂድ፣ ምሳህን ብላ። መኪናው ነገ ይመጣል፤ ሰውየውም ይጫናል።»

አፈሩ እኮ እንደተደበላለቀ እርስዎም ያውቃሉ ልላት ፈለግሁ። አላልኳትም። ማወቋን ከዓይኗ አይቻለሁ።

ያን ማምሻ ለእናቴ ነገርኳት። ትጮሃለች ብዬ ነበር። እሷ ግን «ፀሐይ ነካው?» አለች።

«ሸራ አልብሰነዋል።»

«ጠዋት ከመነኮሳቱ በፊት ውሰደኝ» አለች። 

አርብ ጠዋት ዳርሊስ በወንድሙ ባጃጅ ወሰደን። እናቴ ነጭ ለብሳለች፣ አበባዋን በቅጠል ጠቅልላ ጭኗ ላይ ይዛለች። ዳርሊስ መንገዱን ሙሉ ሲለፈልፍ ሄደ።

«እማ ባቢ፣ ለዛፉ መንፈስ ስለኔም ይንገሩልኝ፤ ሚስት ያምጣልኝ።»

«አንተን የምታገባ ሴት ራሷ መንፈስ መሆን አለባት» አለችው።

መኪናው ቀድሞን ደርሷል። ሳጥኖቹ ተደርድረዋል። ሚስ ኡፔክሻ እናቴን ስታይ ተነስታ ወንበር አመጣች፤ ጉድጓዱ አፍ ላይ አስቀመጠቻት። ሌሊቱን ያልተኛ ሰው ፊት ነበራት።

ሸራው ተገፎ ነበር፤ እናቴ ጎንበስ ብላ ወደ ታች አየች። «እንደ ተኛ ነው» አለች። ከዚያ፦ «ልጄ፣ ስንት ዛጎል አወጣችሁ?»

«ሰባት ነው እማ።»

«ዘጠኝ ናቸው። ሰባቱን ደረቱ ላይ ነው ያኖርኳቸው። ሁለቱን ከጉልበቱ ሥር ሸጎጥኩለት፤ ዓሣ አጥማጅ ሲቀመጥ መረቡን እዚያ ነው የሚይዘው። ከሁለቱ አንዷ ሁለት ቀዳዳ አላት። ልጄ መጀመሪያ የሠራት ናት፤ አንዱን ጠርዙ ላይ በስቶ ሸረፋት። አበላሸኋት ብሎ ሊጥላት ሲል አትጣል ያልኩት እኔ ነኝ።»

ሚስ ኡፔክሻ ወደ ጉድጓዱ ወረደች። ማንንም አላስጠጋችም። ጉልበቱ ሥር ያለው አፈር ገና አልተነካም ነበር። በብሩሽ ጀመረች፣ ከዚያ በቀርከሃ ስንጥር። ሾፌሩ መጥቶ «እንጫን ወይስ ቁርስ እንብላ?» ሲል የመለሰለት አልነበረም። የመጀመሪያው ዛጎል ወጣ። ቀጥሎ ሁለተኛው። አንስታ በአውራ ጣቷ አፈሩን ጠረገችለት። ሁለት ቀዳዳ። አንደኛው ጠርዙ ተሸርፏል።

ዛጎሏን በመዳፏ ይዛ እዚያው ተንበርክካ ቀረች። የሰባት ዓመት ልፋቷ መዳፏ ላይ ነበር። አዘንኩላት፤ የምር አዘንኩላት። ያን ያህል ዓመት ደክማ ያገኘችው የወንድሜን ስህተት ነው።

በመጨረሻ ቀና አለች። «እማ፣ ልጅዎ እንዳልሆነ ያውቁ ነበር?»

እናቴ ተቆጣች። «ልጄን የማላውቅ መሰለሽ? የሱጋት የፊት ጥርስ ከልጅነቱ ጀምሮ ስብር ነው። የዚህኛው ሙሉ ነው፤ ደህና እናት አሳድጋዋለች።»

«ታዲያ ለምን?»

እናቴ አበባዋን ከቅጠሉ ፈታች። «ባሕሩ የኔን አንድ ቦታ ይጥለዋል አይደል? ሕንድም ይሁን ሌላ አገር። አንዲት ሴት ታገኘዋለች። ወይ አጥንት ነው ብላ ትረግጠዋለች፣ ወይ ትቀብረዋለች። እኔ የሌላዋን ልጅ ከቀበርኩ፣ እሷ ደግሞ የኔን ትቀብርልኛለች ብዬ ነው። ሌላ ምንም የለበትም። እናንተ በሳጥን ከወሰዳችሁት ግን የኔንም ሜዳ ላይ ጣላችሁት ማለት ነው።»

ዳርሊስ ኮፍያውን አወለቀ።

«ስንት ዓመቱ ነው?» አለች እናቴ ቆይታ።

«ከሞተ አምስት ሺህ ዓመት ይሆነዋል።»

እናቴ ጣቶቿን አየች፣ እንደምትቆጥር ሁሉ። «ስሙንስ ታውቂዋለሽ?»

«አይታወቅም። እርስዎ ማን ይሉታል?»

«ምንም አልለውም። ስም አውጪው እናቱ ናት፤ እኔ ምን አግብቶኝ።»

ሚስ ኡፔክሻ ሳጥኑ ላይ የተለጠፈውን ወረቀት ላጠችው። መዝገቧን ከፍታ ቆማ ጻፈች፤ እየጻፈች ጮክ ብላ አነበበችው። «ከቦታው ተነስቶ በቅርብ ዘመን ዳግመኛ የተቀበረ። ማጥለቂያዎቹ የዘመናችን ሥራ ናቸው። ባለበት ተመልሶ ይሸፈን።» ከዚያ ሾፌሩን «ሳጥኖቹን ባዶአቸውን ጫን» አለችው።

«ለዚህ ነው ስድስት ሰዓት ያስነዳችሁኝ?» ብሎ አጉረመረመ፤ ጫነ።

እሷ ወደ እናቴ ዞረች። «እማ፣ አንዲት ጥርስ ብቻ ብወስድስ? ምን ይበላ እንደነበረ፣ የት እንዳደገ ትነግረናለች። ሌላ አልነካም።»

እናቴ አሰበች። «የልጆቻችንን ጥርስ ጣራ ላይ እየወረወርን ለሽኮኮ እንሰጥ የለ? ከሽኮኮ አታንሺም፤ ውሰጂ። የኋላውን ግን፤ የፊቱን ተዪለት።»

ሚስ ኡፔክሻ ለመጀመሪያ ጊዜ ፈገግ አለች። አንዲት መንጋጋ ጥርስ በጥንቃቄ አውጥታ በብልቃጥ ከተተች። ዘጠኙን ዛጎሎች ሰብስባ ለእናቴ ስትዘረጋ እናቴ አልተቀበለቻትም።

«ለጂና ስጪው። ጂና፣ ውረድና አንተ አኑርለት። ያኔ ፊትህን አዙረህ ነበር።»

ወረድኩ፤ ጉልበቴ ጮኸ። ሰባቱን ደረቱ ላይ ደረደርኩ። ስምንተኛዋን ከጉልበቱ ሥር አኖርኩ። ሁለት ቀዳዳ ያላት እጄ ላይ ቀረች። ሱጋት በር ላይ ቁጭ ብሎ ምላሱን በጥርሱ ነክሶ ሲበሳት ታየኝ። አርባ ሦስት ዓመት የዋጥኩትን ነገር ከዚህ በላይ መሸከም አልቻልኩም።

«እማ» አልኩ፣ ወደ ላይ ሳላይ። «ማታውን አብረን እንሂድ ብሎኝ ነበር። ደክሞኛል አልኩት።»

«አውቃለሁ» አለች።

ቀና አልኩ።

«የቤታችን ግድግዳ ያኔ ሰሌን ነበር፤ ሰምቻችኋለሁ።»

«ታዲያ ይህን ሁሉ ዓመት ለምን ዝም አልሽኝ?»

«ምን ልበልህ? ሄደህ ቢሆን እኮ ሁለት ሬሳ ነበር የምፈልገው። ያን ሌሊት ስለደከመህ ስንት ጊዜ እንዳመሰገንኩ፣ ስላመሰገንኩም በሱጋት ፊት ስንት ጊዜ እንዳፈርኩ ለማን እነግራለሁ?» አበባዎቹን አንድ በአንድ ወደ ጉድጓዱ ጣለቻቸው። አንዱ ትከሻዬ ላይ ወደቀ። «አሁን አታልቅስ፤ አልብሰው። መነኮሳቱ ከቀትር በኋላ አይበሉም።»

ዛጎሏን ከጉልበቱ ሥር ሸጎጥኳት። ስወጣ ሚስ ኡፔክሻ አንዱን አካፋ ይዛለች፣ ሌላውን ዘረጋችልኝ። አፈሩን መመለስ ጀመርን።